የሟች ጠመንጃ፤ ስለ ጦር መሣሪያ ባለቤትነት መተላለፍ የቀረበ ምልልስ

በምዕራብ ደቡብ ወሎ ደጋ፣ ማለትም በመካነ ሰላም አካባቢ፣ በሳይንት፣ በወግዲ፣ በከላላና በለጋምቦ፣ ጠመንጃ ከአንድ ሰው እጅ ወደ ሌላ ሰው እጅ የሚያልፈው በሁለት ሥርዓት ነው። አንደኛው ከአባት ወደ ልጅ ሲወርድ የኖረው ልማድ ሲሆን፣ ሁለተኛው የጦር መሣሪያ አስተዳደርና ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 1177/2012 ያቆመው ሕጋዊ ሥርዓት ነው። ሁለቱ ሥርዓቶች በጥብቅ የሚጋጩት በሽያጭ ወይም በስጦታ ጊዜ ሳይሆን ባለ መሣሪያው በሞተ ጊዜ ነው፤ ሻጭና ገዥ ተዘጋጅተው ቀን መርጠው ይገናኛሉ፣ ሞት ግን ቀን አስቆርጦ አይመጣም፣ ጠመንጃውም በዚያች ሌሊት ቤት ውስጥ ተሰቅሎ ያድራል። ከዚህ በታች ያለው ምልልስ ጉዳዩን ከሁለቱም ወገን ለማሳየት ሁለት ተናጋሪዎችን ያቆማል፤ አንደኛው የአገሩን ልማድ የሚያውቁ ሽማግሌ ናቸው፣ ሁለተኛዋ በወረዳና በዞን ፍርድ ቤት የምትከራከር ጠበቃ ናት። ሁለቱም ለክርክሩ ሲባል የተቀረጹ እንጂ በሕይወት ያሉ ሰዎች አይደሉም።

ሽማግሌው፦ በአገሩ ልማድ አባት ሲሞት ጠመንጃው በለቅሶው ቀን ከልብሱና ከበቅሎው ጋር ወጥቶ ለለቀስተኛው ይታያል፣ አልቃሿም እያነሳች ትደረድርለታለች፤ ለቅሶው ካለፈ በኋላ የበኩር ልጁ ወይም ለጠመንጃ ይሆናል የተባለው ልጅ ያነግተዋል። ከብቱና እህሉ ተቆጥሮ ሲከፋፈል ጠመንጃው በሽማግሌ ፊት ለአንዱ ይሰጣል፣ ሌሎቹም ይሁን ብለው ይነሣሉ። መንደሩ ሁሉ እያየ የተደረገ ርክክብ ነው፤ ታዲያ ልጄ፣ ሕጉ እንዲህ ያለውን ግልጽ ነገር ለምን እንደ ስውር ሥራ ይቆጥረዋል?

ጠበቃዋ፦ ርክክቡን ሕጉ ጨርሶ አይጥለውም፣ አባባ። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ በአንቀጽ 1186 ንኡስ አንቀጽ 1 እንደሚደነግገው ግዙፍነት ያለው ተንቀሳቃሽ ዕቃ፣ ማለትም በእጅ የሚዳሰስና ከቦታ ወደ ቦታ የሚዘዋወር ንብረት፣ በውል ወይም በኑዛዜ ሲተላለፍ ባለቤትነቱ የሚያልፈው ዕቃው በተቀባዩ እጅ ሲገባ ነው፤ በአንቀጽ 1193 ደግሞ እንዲህ ያለውን ዕቃ የያዘ ሰው ባለቤቱ እንደሆነ ይገመታል። እስከዚህ ድረስ ሕጉና ሽማግሌዎቹ አንድ ናቸው። ነገር ግን ያው አንቀጽ 1186 በንኡስ አንቀጽ 2 ለልዩ ዕቃዎች የወጡ ልዩ ድንጋጌዎች እንደተጠበቁ መሆናቸውን ይናገራል፣ ጠመንጃም ከነዚህ ልዩ ዕቃዎች የሚቆጠር ነው፤ አዋጅ 1177 ማንም ሰው ከተቆጣጣሪው ተቋም ፈቃድ ሳያገኝ መሣሪያ እንዳይዝ፣ እንዳይሸጥ፣ ለሌላ እንዳያስተላልፍ ይከለክላል። ተቆጣጣሪ ተቋም የሚባለው የፌዴራል ፖሊስ ኮሚሽን ሲሆን፣ ሥራው ወደ ክልልና ወደ ወረዳ የሚወርደው በፖሊስና በጸጥታ መዋቅሩ በኩል ነው። ስለዚህ በሟቹ ቤት የተሰቀለው ነገር በሕግ ዓይን ሁለት ነገር ነው፤ አንዱ ብረቱና እንጨቱ፣ እሱም ንብረት ነውና ይወረሳል፤ ሁለተኛው ፈቃዱ፣ እሱ ግን ለአንድ ሰው ዕድሜውና ጠባዩ ታይቶ የተሰጠ እምነት ነውና ከሰውየው ጋር ያበቃል።

ሽማግሌው፦ እንግዲያው ልጁ የወረሰው መያዝ የማይችለውን ነገር ነው ማለት ነው?

ጠበቃዋ፦ በራሱ ስም ፈቃድ እስኪያወጣ ድረስ አዎ። ዋጋው የእሱ ነው፣ መያዙ ግን ገና የእሱ አይደለም። የችግሩ ሁሉ ሥር በዚህ ክፍተት ውስጥ ነው፤ ክፍተቱ አጭር ከሆነ ሕጉ ይከበራል፣ ከረዘመ ደግሞ ጠመንጃው ወራሹ አንግቶት ወደ እርሻው ይሄድና በዚያው ከመዝገብ ይጠፋል።

ሽማግሌው የሚያነሱት ልማድ ብዙ የመሣሪያ ዘመናትን ያሳለፈ መሆኑን ማስታወስ ያስፈልጋል። እ.ኤ.አ. በ1874 የወጣው የፈረንሳዩ ባለ 11 ሚሊ ሜትር ውጅግራ፣ ከዚያ በኋላ የመጣው ምንሽር፣ በየተራቸው በወሎ ገበሬ ትከሻ ላይ የነበሩት አንድ ወረቀት ሳይከተላቸው ነው። በደርግ ዘመን የገበሬ ማኅበራት አብዮት ጠባቂዎች ታጠቁ፤ በ1983 ዓ.ም. የደርግ ሠራዊት ሲፈርስ ደግሞ ብዙ ክላሽንኮቭ ከወታደሩ እጅ ወጥቶ በትንሽ ገንዘብ ወይም በስንቅ እየተለወጠ በየመንደሩ ገባ። ዛሬ አንድ ወራሽ ስለ አባቱ ክላሽ ሲጠየቅ ከየት እንደመጣ የሚያስረዳ ሰነድ ሊያቀርብ ያልቻለው ዋሾ ስለሆነ ሳይሆን፣ መሣሪያው ወደ ቤቱ የገባበት ዘመን ራሱ ሰነድ ያልነበረው ስለሆነ ነው። አዋጁም መሣሪያ መያዝ ልማድ የሆነባቸው አካባቢዎች መኖራቸውን ከግምት ማስገባቱ ከዚህ እውነት ጋር ይስማማል።

ሽማግሌው፦ ንብረቱ ይወረሳል ከተባለ የበኩሩ ድርሻ የት ደረሰ? ሽማግሌ ለአንዱ ልጅ ሲሰጥ ያዳላ አይምሰል፤ ጠመንጃ ለሁሉም አይሆንም፣ ግልፍተኛ ለሆነ ልጅ አይሰጥም፣ ሲጠጣ ለሚያድርም አይሰጥም፣ ይህን ደግሞ ከመንደሩ ሽማግሌ የበለጠ የሚያውቅ የለም።

ጠበቃዋ፦ ይህ ፍርድ የሚናቅ አይደለም፣ እንዲያውም ፈቃድ ሰጪው አካል ሊጠይቀው የሚገባው የመጀመሪያ ምስክር ነው። ነገር ግን ማን ይይዘዋል የሚለውና የማን ነው የሚለው የተለያዩ ጥያቄዎች ናቸው። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 842 መሠረት የሟች ልጆች ቀዳሚ ወራሾች ናቸው፣ ድርሻቸውም እኩል ነው፤ በኩርና መጨረሻ፣ ወንድና ሴት ብሎ አይለይም። የ1987ቱ ሕገ መንግሥትም በአንቀጽ 35 ንኡስ አንቀጽ 7 ሴቶች በውርስ እኩል መብት እንዳላቸው ይደነግጋል። እንግዲህ ጠመንጃው ለአንዱ ልጅ ቢሰጥም ዋጋው ተገምቶ ለእህቶቹና ለወንድሞቹ ድርሻቸው ከሌላ ንብረት ሊካካስ ይገባል፤ ክላሽ ዛሬ በአገሩ ከበሬ የሚበልጥ ዋጋ ያለው ንብረት ሆኖ ሳለ እንደ መታሰቢያ ዕቃ ከክፍፍሉ ውጭ ቢቀር ሴት ልጆቹ ከአባታቸው ንብረት ውድ የሆነውን እንዳያዩ ሆነው ይቀራሉ።

ሽማግሌው፦ ባልየው ሲሞትባት ቤቱን የያዘችው እናትስ?

ጠበቃዋ፦ የእርሷ ነገር ከልጆቹም ይቀድማል። የአማራ ክልል የቤተሰብ ሕግ፣ አዋጅ ቁጥር 79/1995፣ በጋብቻ ዘመን የተፈራን ንብረት የባልና የሚስት የጋራ ሀብት ያደርገዋል፤ በስጦታ ወይም በውርስ ለአንዱ የመጣውን ግን የግል ያደርገዋል። ስለዚህ ሁለት አንድ ዓይነት ክላሾች በሁለት ጎረቤት ቤቶች ግድግዳ ላይ ቢሰቀሉ፣ አንደኛው ባል ከአባቱ የወረሰው፣ ሁለተኛው ከጋብቻ በኋላ ሁለት ጥማድ በሬ ተሽጦ የተገዛ ቢሆን፣ የመጀመሪያው ሙሉ በሙሉ ወደ ውርሱ ይገባል፣ ከሁለተኛው ግን ግማሹ ቀድሞውንም የሚስት ነው፤ ወደ ውርስ የሚገባው ቀሪው ግማሽ ብቻ ነው። በሽማግሌ ጉባኤ ላይ ይህ ጥያቄ ሲነሣ አይሰማም፤ ጠመንጃው ወንድ የያዘው ስለሆነ የወንድ ንብረት ነው ተብሎ ይታለፋል፣ በሬው የተሸጠው ግን ከጋራ በረት ነበር።

ሽማግሌው፦ ይህ አገር ደግሞ እስላምና ክርስቲያን በአንድ ሸንተረር የሚኖርበት ነው፤ ሙስሊሙ በቃዲ ቢካፈል ምን ይሆናል?

ጠበቃዋ፦ ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 34 ንኡስ አንቀጽ 5 ተከራካሪዎች ከፈቀዱ የግልና የቤተሰብ ጉዳያቸው በሃይማኖት ሕግ እንዲዳኝ ይፈቅዳል፤ ወራሾቹ ሁሉ ተስማምተው ወደ ሸሪዓ ፍርድ ቤት ከሄዱ ልጆች ያሏት ሚስት ስምንተኛ፣ ወንድ ልጅም የሴት ልጅን እጥፍ ይወስዳል። ልብ ሊባል የሚገባው ግን ቃዲውም ሆነ የወረዳው ዳኛ የሚያካፍሉት ንብረቱን ብቻ መሆኑ ነው፤ የሁለቱም ውሳኔ የመያዝ ፈቃድ አይሆንም። ፈቃዱ የሚገኘው በሌላ በር ነው።

አንድ ነገር እዚህ ላይ በአጭሩ መነሣት አለበት፤ ሁሉም ጠመንጃ የግል አይደለም። ለሚሊሻ አባል በቀበሌው ወይም በወረዳው ተመዝግቦ የተሰጠ መሣሪያ የመንግሥት ንብረት ነው፤ የያዘው ሰው ለሌላ የሚጠብቅ ያዥ እንጂ ባለቤት አይደለም፣ ሲሞትም መሣሪያው ወደ ሰጪው ይመለሳል እንጂ ለልጅ አይወርድም። ሃያ ዓመት በአንድ ትከሻ ላይ የቆየ መሣሪያ ለቤተሰቡ የራሱ መስሎ መታየቱ የሚጠበቅ ስለሆነ፣ የመጀመሪያው ጥያቄ ምንጊዜም የመሣሪያው ምንጭ መሆን ይገባዋል።

ሽማግሌው፦ ወራሾቹ ቢሸጡትስ? አንዱ ገዥ አባይን ተሻግሮ ከጎጃም ቢመጣ፣ ገንዘቡን ቆጥሮ ዋስ ጠርቶ ቢወስድ፣ ገንዘቡን ተካፍለውት ነገሩ ያልቃል አይደለም?

ጠበቃዋ፦ እንዲያውም የሚጀምረው ያኔ ነው። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1678 ውል የሚጸናው ጉዳዩ በሕግ የተፈቀደ ሲሆን ነው፣ አንቀጽ 1716 ደግሞ ከሕግ ውጭ በሆነ ጉዳይ የተዋዋሉትን ውል ዋጋ ያሳጣዋል። ፈቃድ የሌላቸው ሻጭና ገዥ በጨለማ የተዋዋሉት ውል በዋስም ይሁን በምስክር በፍርድ ቤት አይቆምም፤ ገዥው መሣሪያው ቢበላሽበት ወይም ቀድሞ የተሰረቀ ሆኖ ባለቤቱ ቢመጣበት ሄዶ የሚከስበት መሠረት የለውም። ከዚያ በላይ ደግሞ የ1996ቱ የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 481 ያለ ፈቃድ መሣሪያ መሸጥን፣ መግዛትንና ማዘዋወርን በወንጀል ያስቀጣል። ከሁሉ የከፋው ግን የሻጩ ዕዳ ነው፤ መዝገቡ ላይ ስሙ የቀረው የሟቹ ወይም የወራሹ ስለሆነ፣ ያ መሣሪያ ከሦስት ዓመት በኋላ አባይ ማዶ ሰው ቢገደልበት ፖሊስ ቁጥሩን ተከትሎ የሚመጣው ወደ መካነ ሰላም ነው።

ሽማግሌው፦ ቁጥር ስትይ በጠመንጃው ላይ ያለውን ነው? አብዛኛው ገበሬ አይቶት አያውቅም።

ጠበቃዋ፦ ማየት ይገባዋል። በክላሽንኮቭ ላይ ቁጥሩ በአካሉ በግራ በኩል፣ ከካዝናው መግቢያ ከፍ ብሎ በብረቱ ላይ ተቀርጾ ይገኛል፤ በብዙዎቹ ላይ ከጎኑ የፋብሪካው ምልክትና የተሠራበት ዓመት ይታያል። ያው ቁጥር ወይም የመጨረሻዎቹ አኃዞች ብዙ ጊዜ በክዳኑና በመዝጊያው ላይም ይደገማሉ። ቁጥሩ በዝገት ወይም በቀለም ተሸፍኖ ከሆነ በጨርቅና በዘይት መጠረግ አለበት እንጂ በሞረድ መፋቅ የለበትም፤ የተፋቀ ቁጥር ያለው መሣሪያ ሕጋዊ ወራሹ እንኳ ቢያመጣው ጥርጣሬ ላይ ይወድቃል። መሣሪያውን የሚመዘግበው ጸሐፊ ቁጥሩን ከብረቱ ላይ ራሱ አንብቦ ካላመሳከረና ወራሹ በቃሉ የነገረውን ብቻ ከጻፈ፣ አንድ አኃዝ ስትሳሳት ሕጋዊው መሣሪያ ሕገወጥ ሆኖ ይቀራል።

ቁጥሩ የዓለም አቀፍ ግዴታም ጉዳይ ነው። ኢትዮጵያ ተሳታፊ የሆነችበት በ1996 ዓ.ም. ናይሮቢ ላይ የተፈረመው የቀላልና የአነስተኛ መሣሪያዎች ፕሮቶኮል አባል አገሮች መሣሪያን ምልክት እንዲያደርጉና መዝገብ እንዲይዙ ከመጠየቁም በላይ፣ ራስ ተኳሽና ግማሽ ራስ ተኳሽ ጠመንጃ በሲቪል እጅ እንዳይኖር ይከለክላል። ክላሽንኮቭ ራስ ተኳሽ መሆኑ የታወቀ ነው፤ እንግዲህ በደጋው ገበሬ ቤት የሚወረሰው መሣሪያ ከሁሉም ይልቅ ጥብቅ ገደብ የሚደረግበት ዓይነት ነው። በሌላውም ዓለም ክርክሩ የተለየ አይደለም። በአሜሪካ እ.ኤ.አ. በ1934 የወጣው ሕግ መትረየስ የመሰሉ መሣሪያዎች ሲተላለፉ ምዝገባና ቀረጥ ይጠይቃል፣ ሆኖም ከሟች ወደ ሕጋዊ ወራሽ ሲያልፉ ቀረጡን ትቶ ምዝገባውን ብቻ ይጠይቃል፤ ካናዳ በአንጻሩ እ.ኤ.አ. ከጥቅምት 2022 ጀምሮ ሽጉጥ በግለሰቦች መካከል እንዳይተላለፍ ዘግታለች። ከሁለቱ የአሜሪካው ለወሎ የሚጠቅም ትምህርት አለው፤ ወራሹን በገንዘብ ሳያስጨንቅ ወደ መዝገቡ እንዲመጣ ያደርገዋልና።

ሽማግሌው፦ ጠመንጃ ከሟች ወደ ሕያው ሲያልፍ ዕዳውም አብሮ ያልፋል ሲሉ የጥንት ሰዎች ይሰማሉ፤ ይህስ በሕግ አለ?

ጠበቃዋ፦ በታሪክም አለ። የፈረንሳዩ ባለቅኔ አርቱር ራምቦ ከንግድ ሸሪኩ ከፒየር ላባቱ ጋር ለንጉሥ ምኒልክ ጠመንጃ ሊያቀርብ ተነሥቶ ሳለ ላባቱ ሞተ፤ ራምቦ ቅፍለቱን ብቻውን ከታጁራ ነድቶ በ1879 ዓ.ም. ሸዋ ሲደርስ የሟቹ አበዳሪዎችና ሚስቱ የሸሪኩን ዕዳና ድርሻ ጠየቁት፤ ምኒልክም ሂሳቡን ከጠመንጃው ዋጋ ላይ ተቀናንሶ እንዲከፈል አደረጉ፣ ቀሪውም ሐረር ላይ እንዲሰጠው ተወሰነ። ራምቦ ከዚያ ጉዞ ያሰበውን ትርፍ አላገኘም። መሣሪያው በእጁ የነበረ ሰው እንኳ የሟችን ወራሾችና አበዳሪዎች አልፎ ዋጋውን ሊወስድ አልቻለም፤ የዛሬው የፍትሐ ብሔር ሕግም የሟች ዕዳ ሳይከፈል ውርስ አይከፋፈልም ይላል።

ሽማግሌው፦ እሺ፣ መንገዱን አሳይ። አንድ ወራሽ ዛሬ በትክክል ሊያደርገው ቢፈልግ ከየት ይጀምራል?

ጠበቃዋ፦ ከሁሉ በፊት ሞቱን ለፖሊስ ማሳወቅና መሣሪያውን ከነጥይቱ በአደራ ማስቀመጥ አለበት። ቀጥሎ በአንቀጽ 996 መሠረት ከወረዳው ፍርድ ቤት የወራሽነት ማረጋገጫ፣ ማለትም ማን ማን የሟች ወራሽ እንደሆነ የሚመሰክር የፍርድ ቤት ወረቀት፣ ማውጣት ነው። ከዚያ ወራሾቹ መሣሪያው ለማን እንደሚሆንና ለሌሎቹ ምን እንደሚካካስ በጽሑፍ ይስማማሉ፣ የሚይዘው ሰው በራሱ ስም ፈቃድ ይጠይቃል፤ ሲፈቀድለት የሟቹ ፈቃድ ከመዝገብ ይሰረዛል። ማንም ለመያዝ የማይችል ሆኖ ከተገኘ ለሌላ ፈቃድ ላለው ሰው በተቆጣጣሪው ፊት ማስተላለፍ ወይም ለመንግሥት ማስረከብ ይቀራል።

ሽማግሌው፦ ይህ ሁሉ በወረቀት ላይ ቀላል ነው፤ ከቆላው ጫፍ ወደ ወረዳው ከተማ በእግር የሚመጣ ሰው ግን አንዴ ፍርድ ቤት፣ አንዴ ቀበሌ፣ አንዴ ፖሊስ ሲመላለስ እርሻው ያልፍበታል። ደግሞም ጠመንጃዬን አስቀምጡልኝ ብሎ የሰጠ ሰው ተመልሶ እንደሚያገኘው በምን ያምናል? ከ2015 ዓ.ም. ወዲህ በክልሉ ባለው ግጭት መሣሪያ ይዞ ወደ ከተማ መግባት ራሱ የሚያስፈራ ሆኗል።

የሽማግሌው ፍርሃት ቀላል ተቃውሞ ተደርጎ ሊታይ አይገባም፤ ይልቁንም የሥርዓቱ ዋና ድካም ያለው በዚህ ላይ ነው። ሕጉ ወራሹ መሣሪያውን ይዞ እንዳይገኝ ሲከለክል፣ በምትኩ መሣሪያውን የሚያስቀምጥበት የታመነ ቦታና የሚቀበለው ሰነድ ካልሰጠው፣ ሕግ አክባሪ የሆነውን ገበሬ ከሕገወጡ ይልቅ ይቀጣል። ሕገወጡ ወራሽ መሣሪያውን በጎታ ሥር ቀብሮ ምንም አይደርስበትም፤ ሕጋዊው ግን አስረክቦ ይጠብቃል። ስለዚህ የማስረከቢያው ደረሰኝ ከፈቃዱ ወረቀት ያነሰ ክብደት ሊሰጠው አይገባም።

ጠበቃዋ፦ ደረሰኙ ዓይነቱን፣ ቁጥሩን፣ የካዝናውንና የጥይቱን ብዛት፣ የተረከበውን ሰው ስምና ፊርማ፣ ቀኑንና ማኅተሙን መያዝ አለበት፤ መሣሪያው ሲረከብ ጥይት አልባ መሆኑ በምስክር ፊት መረጋገጥ አለበት። በሦስት ቅጂ ቢዘጋጅ፣ አንዱ በፖሊስ ጽሕፈት ቤቱ፣ አንዱ በቀበሌው፣ አንዱ በሟቹ ሚስት እጅ ቢቀር፣ መዝገቡ በአንድ ቦታ ቢጠፋ በሌላው ይገኛል።

ሽማግሌው፦ በሚስቱ እጅ? ለምን በልጁ አይሆንም?

ጠበቃዋ፦ ልጁ ገና ያልተወሰነለት አንድ ወራሽ ሲሆን እርሷ ግን ግማሽ ድርሻ ሊኖራት የሚችል ባለ ንብረት ናት። ከዚያም በላይ፣ አባባ፣ ፈቃዱን ራሷ ብትጠይቅ ሴት መሆኗ አያግዳትም።

ሽማግሌው፦ እንዲህ ከሆነ ለሽማግሌ ጉባኤ አንድ ጥያቄ ተጨመረ፤ ጠመንጃውን ለማን እንስጥ ከማለት በፊት በሬው ከማን በረት እንደወጣ መጠየቅ ይገባል።

ጠበቃዋ፦ መጠየቁ ብቻም አይበቃም፣ ይጻፍ። ሽማግሌዎቹ የተስማሙበትን ወረቀት ሚስትየዋና ሴት ልጆቹም ፈርመውበት ለፍርድ ቤት ቢያቀርቡ፣ ዳኛው የሚያጸድቀው የተከራከሩበትን ሳይሆን የተስማሙበትን ይሆናል፣ ጊዜውም በዚያው ልክ ያጥራል።